ቴአትሯን ተሸክማ የዞረች ተዋናይት

እንደምን አመሻችሁ? በዚህ ብርድ ከቤታችሁ ወጥታችሁ ስለመጣችሁ ከልብ አመሰግናለሁ። ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንዲት እንግሊዛዊት ተዋናይት ነው። ሲቢል ቶርንዳይክ ትባላለች። በ1882 ተወልዳ በ1976 አረፈች። ከነዚያ 93 ዓመታት ውስጥ 65ቱን ከመድረክ አልተለየችም። የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው፤ እንዳያምታታችሁ ከወዲሁ ልንገራችሁ።

ከአንድ ገበያ ልነሳ። ለንደን ውስጥ፣ ከቴምዝ ወንዝ በስተደቡብ፣ ከዋተርሉ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ኦልድ ቪክ የሚባል ቴአትር ቤት አለ። በዚያ ዘመን ሰፈሩ የድሃ ሰፈር ነበር። ከቴአትር ቤቱ አጠገብ ያለው መንገድ ደግሞ ገበያ ነው። ሰዎች አትክልትና ፍራፍሬ በእጅ ጋሪ እየገፉ ይሸጣሉ። ጊዜው 1919 ነው። አንደኛው የዓለም ጦርነት ካበቃ ገና ዓመት አልሞላውም። ሲቢል እዚያ ቴአትር ቤት ውስጥ ዩሪፒደስ የጻፈውን «የትሮይ ሴቶች» ትጫወታለች። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ415 የተጻፈ የግሪክ ተውኔት ነው። እሷ የምትጫወተው ሄኩባን ነው። ሄኩባ ንግሥት ነበረች። አሁን ከተማዋ ተቃጥሏል፣ ባሏ ተገድሏል፣ ወንዶች ልጆቿ አልቀዋል። የልጅ ልጇ ከግንብ ላይ ተወርውሮ ሬሳውን ታቅፋ ታለቅሳለች።

ታዲያ ከጋሪ ነጋዴዎቹ መካከል አንዲት ሴት ገብታ አየች። በኋላ ሲቢልን መንገድ ላይ አግኝታ አወራቻት። ሲቢል ይህን ታሪክ ዕድሜዋን ሙሉ ስትናገረው ኖራለች። ሴትየዋ የትሮይ ሰዎች ልክ እንደኛው ናቸው አለቻት። እኛም በዚህ ጦርነት ልጆቻችንን ቀብረናል፣ ሁላችንም ብናለቅስ ምን ይገርማል፣ እውነተኛ ቴአትር ማለት ይሄ ነው አለቻት።

እስቲ አስቡት። ተውኔቱ ሁለት ሺህ ሦስት መቶ ዓመት አልፎታል። በዚያ ዘመን የግሪክ ተውኔት የዩኒቨርሲቲ ሰዎች ሀብት ነው ተብሎ ነው የሚታሰበው። ገበያ መሐል ቆማ በጋሪ የምትነግድ ሴት ደግሞ የራሷን ለቅሶ አገኘችበት። እኔ ስለ ሲቢል ማንበብ ስጀምር ቀልቤን የያዘው ይሄ ነው። ሰዎች ስሟን ሲያነሱ የተውኔት ደራሲውን የበርናርድ ሾውን ዣን ዳርክ ያነሳሉ። ልክ ናቸው፤ እኔም እደርስበታለሁ። ግን ትልቅነቷ በዚያ አንድ ሚና አያበቃም። ቴአትር የእነሱ አይደለም ወደተባሉ ሰዎች ቴአትሩን ተሸክማ ሄዳለች። እንዲያው ለአንድ ሰሞን አይደለም፣ ዕድሜዋን ሙሉ ነው።

አሁን ወደ መጀመሪያው ልመለስ። የተወለደችው ሊንከንሺር ውስጥ ጌይንስቦሮ በምትባል ከተማ ነው። አባቷ ካህን ነበሩ። እሷ ገና ሕፃን ሳለች አባቷ ሮቸስተር ካቴድራል ውስጥ ሥራ አገኙና ቤተሰቡ ወደዚያ ሄደ። እናቷ ጎበዝ ሙዚቀኛ ነበሩ። ሲቢል ከታናሽ ወንድሟ ከራስል ጋር ቤት ውስጥ ቴአትር እየፈጠረች አደገች። ራስልም በኋላ ተዋናይና ደራሲ ሆነ።

ግን የልጅነት ሕልሟ ትወና አልነበረም። ፒያኖ ነበር። ለንደን ጊልድሆል የሚባለው የሙዚቃ ትምህርት ቤት ለመማር ከሮቸስተር በባቡር ትመላለስ ነበር። በቀን ለብዙ ሰዓት ትለማመዳለች። የጀርመናዊውን የሙዚቃ ደራሲ የባክን ሥራዎች ትወዳለች። ኮንሰርት መስጠትም ጀምራ ነበር። ከዚያ የእጇ አንጓ ታመመ። ስትጫወት ጅማቷ ይኮማተራል፣ ጣቶቿ አልታዘዝ ይላሉ። ሐኪም ዘንድ ሄደች፣ አረፈች፣ ሞከረች። አልሆነም። ገና ሃያ ዓመት ገደማ ሳለች የለፋችበት ሁሉ ከእጇ ወጣ።

ልብ በሉ፣ እዚህ ላይ ብዙ ሰው ተስፋ ይቆርጣል። እሷም ሆድ ብሷታል። ያን ጊዜ ራስል ተዋናይ መሆን እፈልጋለሁ ይል ነበርና፣ ሁለቱም ቤን ግሪት ወደሚባል የቴአትር አዘጋጅ ትምህርት ቤት ገቡ። በ1904 የመጀመሪያዋን የሙያ ትርዒት ካምብሪጅ ውስጥ ተጫወተች። ከዚያ ከግሪት ቡድን ጋር ወደ አሜሪካ ተሻገረች።

የአሜሪካው ጉዞ ወደ ሦስት ዓመት የሚጠጋ ነው። ቡድኑ ሼክስፒርን ከቤት ውጭ ያሳያል። ዩኒቨርሲቲ ግቢ ውስጥ፣ መናፈሻ ውስጥ፣ ሣር ላይ። መድረክ የለ፣ መጋረጃ የለ፣ ድምፅ ማጉያ የለ። ዛሬ አንድ ከተማ፣ ነገ ሌላ ከተማ። አንድ ሰው ታሞ ቢቀር ሌላው ቃለ ተውኔቱን ሌሊት ሸምድዶ ጠዋት ይተካዋል። ሲቢል በዚያ ጉዞ 112 የተለያዩ ሚናዎችን ተጫውታለች። መቶ አሥራ ሁለት! ቁጥሩን መጀመሪያ ሳነበው የኅትመት ስሕተት መስሎኝ ደግሜ አይቼዋለሁ። ትንንሽ ሚናዎችም አሉበት፤ በር ከፍታ የምትገባ ገረድም ትቆጠራለች። ቢሆንም የዚህን ያህል ሰው ሆኖ መቆም ለወጣት ተዋናይ ከየትኛውም ትምህርት ቤት ይበልጣል።

ግን ዋጋ አስከፈላት። በነፋስና በአቧራ ውስጥ መጮህ ጉሮሮዋን ጎዳው። ድምፅዋ ጠፋ። መጀመሪያ እጇን አጣች፣ አሁን ድምፅዋን። እንግሊዝ ስትመለስ ሐኪሙ ያዘዘላት መድኃኒት አንድ ነው፦ ለስድስት ሳምንት አንድ ቃል እንዳትናገሪ። ሹክሹክታም አይቻልም። ስድስት ሳምንት ሙሉ የምትፈልገውን በወረቀት እየጻፈች ኖረች።

እኔም በወጣትነቴ ከአንድ ትርዒት በፊት ድምፄ ለአምስት ቀን ተዘግቶብኝ ያውቃል። አምስት ቀን ብቻ ነው። ሌሊት እየነቃሁ ይመለስ ይሆን እያልኩ ጉሮሮዬን እዳብስ ነበር። ለመሞከር ትፈልጋላችሁ፣ ደግሞ ብሞክር ይብስብኛል ብላችሁ ትፈራላችሁ። ስለዚህ የሲቢልን ስድስት ሳምንት ሳስብ አንጀቴ ይንሰፈሰፋል። ስድስቱን ሳምንት ጠብቃ ሐኪሙ ዘንድ ሄደች። አፏን ከፈተች። ድምፅዋ ነበረ። ከዚያ ወዲህ ባሉት ስድሳ ዓመታት ያ ድምፅ በጣም ትልልቅ አዳራሾችን ሞልቷል።

በ1908 ወደ ማንቸስተር ሄደች። እዚያ አኒ ሆርኒማን የምትባል ሴት ጌይቲ የሚባል ቴአትር ቤት ገዝታ ነበር። ገንዘቡን ያገኘችው ከቤተሰቧ የሻይ ንግድ ነው። ቀደም ሲል ደብሊን ያለውን አቢ ቴአትርን በገንዘቧ ያቆመች ሴት ናት። ማንቸስተር ላይ ያደረገችው አዲስ ነገር ምንድነው? ያን ጊዜ ከለንደን ውጭ ያሉ ከተሞች ቴአትር የሚያዩት ከለንደን ዞሮ ሲመጣላቸው ነው። ሆርኒማን ግን ቋሚ ቡድን ቀጠረች። ተውኔቶቹን እያፈራረቀ ያሳያል። የአካባቢውን ወጣት ደራሲዎችም ታበረታታለች። የማንቸስተር የጥጥ ፋብሪካ ሠራተኛ የራሱን ሰፈር አነጋገር መድረክ ላይ ሰማ። በ1912 በስታንሊ ሆውተን ተጽፎ ስሙ በጣም የገነነው «ሂንድል ዌክስ» ከዚህ ቡድን ነው የወጣው። ስለ አንዲት የፋብሪካ ሠራተኛ ልጅ ነው። ከአለቃዋ ልጅ ጋር ትወጣለች፤ አግቢው ሲሏት እምቢ ትላለች። ሲቢልም ተጫውታበታለች፤ የተጫወተችው ግን የልጁን እጮኛ ነው።

በነገራችን ላይ ማንቸስተር በዚያ ዘመን የሌላም ነገር ከተማ ነበረች። የእንግሊዝ ሴቶች የመምረጥ መብት ትግል የተቀጣጠለው እዚያ፣ በፓንክኸርስት ቤት ነው። አዎ፣ የእኛዋ ሲልቪያ ፓንክኸርስት ቤተሰብ። አዲስ አበባ፣ ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ያረፈችው ሲልቪያ የተወለደችው ማንቸስተር ነው፤ ያውም ልክ እንደ ሲቢል በ1882። ሲቢልም የሴቶችን የመምረጥ መብት ትደግፍ ነበር። በዚያ ጊዜ ተዋናይቶች ለዚሁ ዓላማ የራሳቸውን ማኅበር አቋቁመው ነበርና አባሉ ነበረች።

በዚያ በማንቸስተሩ ዘመን ሁለት ሰው አገኘች። አንዱ ሉዊስ ካሰን ነው። ተዋናይና አዘጋጅ፣ የዌልስ ዘር ያለው፣ ሶሻሊስት። በዚያው በ1908 ዲሴምበር ላይ ተጋቡ። ትዳራቸው ስድሳ ዓመት ቆየ። ሁለተኛው በርናርድ ሾው ነው። «ካንዲዳ» የሚባለው የሾው ተውኔት ላይ ዋናዋ ተዋናይት ብትታመም የምትተካ ሆና ተመረጠችና በፊቱ አነበበች። ሾው አዳመጣት። ከዚያ ሂጂና የቤት አያያዝ ተማሪ፣ አራት ልጅ ውለጂ፣ ያን ጊዜ ተመልሰሽ ካንዲዳን አሳዪኝ አላት። ዛሬ ብንሰማው ይከብዳል። እሷ ግን አልተቀየመችም። ካንዲዳ የቤተሰብ ሸክም የምታውቅ ሴት ናት፤ ገና አልደረስሽባትም ማለቱ እንደሆነ ገባት። ምን ሆነ መሰላችሁ? አራት ልጆች ወለደች፤ ሁለት ወንድ፣ ሁለት ሴት። በ1920 ደግሞ ለንደን ላይ ካንዲዳን ተጫወተች።

አሁን ወደ ኦልድ ቪክ እንመለስ። እዚህ ጋ ረጋ ብዬ ማውራት እፈልጋለሁ፤ ምክንያቱም ሲቢል እንደ ተዋናይት የተሠራችው እዚያ ይመስለኛል።

ኦልድ ቪክ በ1818 የተከፈተ ነው። በ1880 ኤማ ኮንስ የምትባል ሴት ያዘችው። ሐሳቧ ድሃው ሕዝብ ከመጠጥ ቤት ርቆ የሚያመሽበት ቦታ እንዲያገኝ ነበር። እሷ በ1912 ስታርፍ የእህቷ ልጅ ሊሊያን ቤይሊስ ተረከበችው። ቤይሊስ የተለየች ሰው ናት። ብዙ ትምህርት አልነበራትም። ገንዘብም አልነበራትም። የነበራት እምነት ነው። ሕዝቡ የሼክስፒርና የኦፔራ መብት አለው ብላ ታምናለች፤ ገንዘቡ ባይኖራትም እግዜር ይሰጣል ትላለች። ተዋናይ ሲጎድላት ተንበርክካ ትጸልያለች። ጎበዝ ተዋናይ ላክልኝ፣ ደግሞ ውድ አይሁን እያለች እንደምትጸልይ በሙያው ሰው ዘንድ የታወቀ ነው። ትርዒት እየተካሄደ ከመድረኩ ጎን፣ ከመጋረጃው ጀርባ፣ በትንሽ የጋዝ ምድጃ ቋሊማ ትጠብስ ነበር። መድረኩ ላይ ንጉሥ እየሞተ የሥጋው ሽታ እስከ ተመልካቹ ይደርሳል። እኔ ይህን የማነሳው ሰው እንዲስቅባት ብዬ አይደለም። ቤቷ እዚያ ነበር ማለቴ ነው። እራቷን እዚያ በላች፣ ዕድሜዋን እዚያ ጨረሰች።

ጦርነቱ በ1914 ሲጀመር ሉዊስ ካሰን ዘመተ። የሲቢል አራተኛ ልጅ ገና አልተወለደችም ነበር። ቤን ግሪት፣ ያ የድሮው አስተማሪዋ፣ ኦልድ ቪክ ገብቶ ነበርና ጠራት። ሄደች። እስከ 1918 እዚያ ቆየች። ደሞዙ ከእጅ ወደ አፍ ነው። አልባሳቱ ያረጀ ነው። አንዱ ተውኔት እየታየ ሌላው ይጠናል። የሼክስፒርን ትልልቅ የሴት ሚናዎች ተጫወተች፤ ሌዲ ማክቤዝን፣ ፖርሺያን፣ ሮዛሊንድን።

ከዚያ ወንዶቹ አለቁ። መጀመሪያ ወጣቶቹ ዘመቱ፣ ቆይቶ ጎልማሶቹም። ወንድ ሚና የሚጫወት ጠፋ። ሲቢል ሱሪውን ለበሰች። በ«ሄንሪ አራተኛ» ልዑል ሃልን ሆነች። በ«ቴምፔስት» ፈርዲናንድን። በ«ኪንግ ሊር» ደግሞ የንጉሡን ቀልደኛ ሆነች። ይህቺ የመጨረሻዋ ሚና እኔን በጣም ትነካኛለች። አብዶ በዝናብ ለሚባዝነው ሽማግሌ ንጉሥ እውነቱን የሚነግረው ቀልደኛው ነው። ይህን አራት ልጅ ቤቷ ያስቀመጠች፣ ባሏ ጦር ሜዳ ያለ ሴት ስትጫወተው ይታያችሁ።

ዜፔሊን የሚባሉት የጀርመን አየር መርከቦች፣ ቀጥሎም አውሮፕላኖች ለንደንን ይደበድቡ ነበር። ዋተርሉ ጣቢያ ወታደር የሚጫንበት ስለሆነ አካባቢው ዒላማ ነበር። አንድ ምሽት ሲቢል በድብደባው ምክንያት መንገድ ላይ ተደብቃ ዘግይታ ደረሰች። ቤይሊስ በሩ ላይ ተቆጥታ ጠበቀቻት። ሲቢል የአየር ድብደባ እኮ ነው ብትላት፣ የኔ መጋረጃ ተከፍቶ ድብደባ ምንድነው ብላ ገሠጸቻት። ይህንንም ሲቢል ራሷ ናት ያወራችው፤ በፍቅር ነው የምታወራው። ተመልካቹም ቢሆን ቦምብ እየወደቀ ከመቀመጫው አይነሳም ነበር።

1917 ለሲቢል ከባድ ዓመት ነበር። ታናሽ ወንድሟ ፍራንክ ጦርነቱ ላይ ሞተ። እሱም ተዋናይ ነበር። ዓመቱ ሳያልቅ አባቷ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በድንገት አረፉ። ባሏ ቆስሎ ተመለሰ። እሷ መጫወቷን አላቆመችም። እንግዲህ በ1919 ሄኩባ ሆና ስትቆም ሐዘኑን ከመጽሐፍ አልቀዳችውም። ያቺ የጋሪ ነጋዴ ያየችው የራሷን ቢጤ ነው።

ከጦርነቱ በኋላ እሷና ሉዊስ ሆልቦርን ኤምፓየር የሚባል አዳራሽ ተከራዩ። አዳራሹ ማታ ማታ የዘፋኞችና የቀልደኞች ነው። ስለዚህ እነሱ ከሰዓት በኋላ ገብተው የግሪክ ሰቆቃዎችን ያሳያሉ፤ «ሚዲያ»ን፣ «የትሮይ ሴቶች»ን። ቀጥሎ ሁለት ዓመት ያህል ሊትል ቴአትር በሚባል አነስተኛ አዳራሽ ከፓሪስ የመጣ የአስፈሪ አጫጭር ተውኔቶች ዘይቤ ተጫወቱ። ደም፣ እብደት፣ ግድያ። ሳንሱሩ አንዳንዱን ይከለክል ነበር። ለሲቢል ጥሩ ልምምድ ሆኖላታል፤ ሰውን ማስፈራት ልክን ማወቅ ይጠይቃል። ከዚህ በላይ ግን አልቆይበትም።

በኖቬምበር 1922 የገጣሚው ሼሊን «ዘ ቼንቺ» አቀረበች። በ1819 የተጻፈ ነው። የሚያነሳው አባት በልጁ ላይ የሚፈጽመውን ግፍ በመሆኑ ለመቶ ዓመት ሕዝብ ፊት እንዳይታይ ተከልክሎ ነበር። ሲቢል ቢያትሪስን ሆነች፤ ፍርድ ቤት ቆማ የምትከራከረውን ልጅ። ተመልካቾቹ መሐል በርናርድ ሾው ተቀምጧል። ያ ሰው ነው እንግዲህ፣ ያኔ አራት ልጅ ውለጂ ያላት። ከትርዒቱ ሲወጣ ለሚስቱ ዣን ዳርክን የምትጫወትልኝን አገኘኋት አላት።

ዣን ዳርክ የፈረንሳይ የገጠር ልጅ ናት። ድምፅ ሰምቻለሁ ብላ የወንድ ልብስ ለብሳ ጦር መራች። በ1431 ሩዋን ከተማ ውስጥ፣ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ገደማ ሳለች መናፍቅ ናት ተብላ በእሳት ተቃጠለች። የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን በ1920 ቅድስት ብላ ሰየመቻት። ሾው ተውኔቱን ጽፎ ለሲቢልና ለሉዊስ ራሱ አነበበላቸው። ሾው ደግሞ ሲያነብ ተዋናይ ነው ይባልለታል፤ የእያንዳንዱን ገፀ ባሕርይ ድምፅ እየለወጠ ነው የሚያነበው።

ማርች 26 ቀን 1924፣ ኒው ቴአትር በሚባለው አዳራሽ ይኸው የሾው ተውኔት «ሴንት ጆን»፣ ማለትም «ቅድስት ዣን»፣ ተከፈተ። አዳራሹ ዛሬ ኖዌል ካወርድ ቴአትር ይባላል። ሲቢል 41 ዓመቷ ነበር። አሥራ ሰባት ዓመት የሆናትን የገበሬ ልጅ ለመጫወት አርጅተሻል የሚል አይጠፋም ነበር። መድረኩ ላይ ግን ዕድሜ የሚታየው በአቋምና በድምፅ ነው። ጸጉሯን በአጭሩ ተቆረጠች። አነጋገሯን የገጠር ልጅ አደረገችው፤ ክብ ክብ ያለ የቤተ መንግሥት እንግሊዝኛ አልተናገረችም። ዣን ከልዑላንና ከጳጳሳት ፊት ስትቆም ከሜዳ እንደመጣች በአንደበቷ ይታወቅ ነበር።

አንድ ትዕይንት ላሳያችሁ። የፍርድ ቤቱ ትዕይንት ነው። ዣን ለብዙ ሰዓት ተመርምራለች። ደክማለች። አደባባዩ ላይ እንጨቱ ተከምሯል። እሳቱን ፈራችና የሰማሁት ድምፅ ውሸት ነው የሚል ወረቀት ላይ ፈረመች። መጻፍ ስለማትችል እጇን ይዘው ነው ያስፈረሟት። ከዚያ ፍርዱ ተነበበ። ነፃ የምትወጣ መስሏት ነበር። ፍርዱ ግን ዕድሜ ልክ እስራት ነው፣ ደረቅ ዳቦና ውኃ እየበላሽ የሚል። ዣን ተነሳች። ወረቀቱን አምጡ አለች። ቀደደችው። ዳቦና ውኃው አያሳዝነኝም ትላቸዋለች። ግን ሰማዩን፣ ሜዳውን፣ ነፋሱን፣ የበግ ግልገሎቹን ድምፅ፣ የቤተ ክርስቲያኑን ደወል ከከለከላችሁኝ ምን ሆኜ ልኖር? ይህን የሚሉ ሰዎች ምክራቸው ከሰይጣን ነው፤ የኔው ከእግዜር ነው ትላለች።

ይህን ንግግር እያለቀሱ መናገር ቀላል ነው። ብዙ ተዋናይት እንዲያ ትወድቅበታለች። ሲቢል ግን ያነሳችው ከጉልበት ነው ይባላል። ዣን ራሷን አታዝንላትም። እነሱ ያልገባቸውን ነው የምታስረዳቸው። ይመስለኛል፣ ያቺ ስድስት ሳምንት ዝም ያለች ልጅ፣ ያቺ ፒያኖዋን ያጣች ልጅ፣ አንድን ነገር መከልከል ምን እንደሆነ ታውቃለች። ተውኔቱ 244 ጊዜ ታየ። ሾው የ1925ን የኖቤል ሽልማት አገኘ። ሲቢል ሚናውን ከዚያ በኋላም እየመላለሰች ተጫወተችው። በ1931 ዴም ተባለች፤ ለወንድ ሰር እንደሚባለው ያለ ማዕረግ ነው።

ማዕረጉ ግን አቋሟን አልለወጠውም። ከዚያ በፊት፣ በ1926፣ አገሪቱ በሠራተኞች አድማ ስትናወጥ እሷና ሉዊስ ከሠራተኞቹ ጎን ቆመው ነበር። በ1930 ጥቁር አሜሪካዊው ተዋናይ ፖል ሮብሰን ለንደን ላይ ኦቴሎን ሲጫወት እሷ ኤሚሊያን ሆና አብራው ቆማለች። ያን ጊዜ ጥቁር ተዋናይ ኦቴሎን ለንደን ላይ መጫወቱ ራሱ ስንቱን ያንጫጫ ነገር ነው። ጦርነትንም አጥብቃ ትቃወም ነበር።

እና ሁለተኛው ጦርነት መጣ። አሁን የምነግራችሁ ከሁሉ በላይ የምወደውን ነው።

በ1940 አብዛኞቹ የለንደን ቴአትር ቤቶች በቦምብ ምክንያት ተዘጉ። መንግሥት ለኪነ ጥበብ ገንዘብ የሚሰጥ አንድ ምክር ቤት አቋቋመ። ኦልድ ቪክ አነስተኛ ቡድን ወደ ዌልስ እንዲልክ ተወሰነ። ዌልስ የድንጋይ ከሰል አገር ነው። ሸለቆው ውስጥ የማዕድን ሠራተኛ መንደሮች ተደርድረዋል። በየመንደሩ ሠራተኞቹ ከደሞዛቸው እያዋጡ የሠሩት አዳራሽ አለ። ብዙዎቹ መንደሮች የሙያ ቴአትር ደርሶባቸው አያውቅም። ሉዊስና ሲቢል ሄዱ። ሲቢል 58 ዓመት ሊሞላት ነው፣ ሉዊስም ስድሳ አምስት ሊሞላው ነው። የተጫወቱት «ማክቤዝ»ን ነው። እሱ ማክቤዝ፣ እሷ ሌዲ ማክቤዝ። ጥቂት ተዋናይ፣ ጥቂት ልብስ፣ ከመኪና ላይ ወርዶ የሚተከል ቀላል መድረክ። ዛሬ አንድ መንደር፣ ነገ ሌላ መንደር። አያችሁ አይደል? ከሠላሳ ዓመት በላይ ቆይታ አሜሪካ ላይ ወደጀመረችበት ኑሮ ተመለሰች።

አንድ ነገር ልጨምር። የበኩር ልጃቸው ጆን የባሕር ኃይል አብራሪ ነበር። በዚያው ዓመት ጁን ወር ኖርዌይ ላይ አውሮፕላኑ ተመትቶ በጀርመኖች ተማረከ። እስከ ጦርነቱ መጨረሻ ምርኮኛ ሆኖ ቆየ። እናቱ ያንን በሆዷ ይዛ ነው በየመንደሩ የምትዞረው። ቀጥሎ በነበሩት ጉዞዎች ደግሞ ለማዕድን ሠራተኞቹ «ሚዲያ»ን ወሰደችላቸው። ልጆቿን የምትገድል እናት ናት ሚዲያ።

ለሠራተኛ ሕዝብ ቀለል ያለ ነገር ነው የሚሻለው የሚል ሰው ያኔም ነበረ፣ ዛሬም አለ። ቀን ሙሉ ደክሞ የመጣ ሰው መሳቅ ነው የሚፈልገው ይባላል። እኔ መሳቅን አልጠላም። ግን ዌልሶች ግጥም የሚወዱ፣ በየቤተ ክርስቲያኑ በኅብረት የሚዘምሩ፣ ስብከት እየሰሙ ያደጉ ሕዝቦች ናቸው። ትልቅ ቃል አያስደነግጣቸውም። ሲቢልም ይህን አውቃለች። እሷም የካህን ልጅ ናት። ዝቅ አድርጋ አልሰጠቻቸውም፤ ለለንደን የምትሰጠውን ነው የሰጠቻቸው። ይኸው ምክር ቤት በ1946 የብሪታንያ የኪነ ጥበብ ካውንስል ሆነ። መንግሥት ቴአትርን በገንዘብ መደገፍ አለበት የሚለው ሐሳብ እዚያ አገር ሥር የሰደደው እንዲህ ባሉ ጉዞዎች ነው።

ኋላ ያለውን ቶሎ ቶሎ ልበል። በ1944 ከታዋቂዎቹ ተዋናዮች ከሎረንስ ኦሊቪየና ከራልፍ ሪቻርድሰን ጋር ወደ ለንደን መድረክ ተመለሰች። በኖርዌያዊው ደራሲ በኢብሰን «ፒር ጊንት» የፒርን እናት ሆነች። ልጇ ተረት እያወራላት አልጋዋ ላይ የምትሞትበት ትዕይንት አለ፤ ያን ጊዜ የራሷ ልጅ ገና እስር ቤት ነበር። ሉዊስ በ1945 ሰር ተባለ። በ1956 ከአሜሪካዊቷ የፊልም ተዋናይት ከማሪሊን ሞንሮ ጋር ፊልም ሠራች። ሞንሮ ቀረጻ ላይ እየዘገየች ብዙ ሰው ተማሮባት ነበር። ሲቢል ግን ተከላከለችላት፤ ከመካከላችን ካሜራ ፊት መጫወት የምታውቀው እሷ ናት አለች። ዕድሜዋ ሰባ አራት ገደማ ነበር፤ ከወጣት ባልደረባዋ ለመማር ዝግጁ ነበረች።

ሉዊስ በሜይ 1969 አረፈ። 93 ዓመቱ ነበር። በዚያው ዓመት ሰፕቴምበር ላይ ሌዘርሄድ በምትባል ከተማ በሲቢል ስም የተሰየመ አዲስ ቴአትር ቤት ተከፈተ። እሷ ራሷ ገብታ ተጫወተችበት። ሚናዋ መንገድ ላይ የምትኖር አሮጊት ነበረች። የመጨረሻ መድረኳ ይሄ ሆነ። ከዚያ ወዲያ መገጣጠሚያዋን እያመማት ቤቷ ዋለች። ፒያኖ ግን ነበራት። ያ ከልጅነቷ ያልተላቀቃት ባክ አብሯት ነበር።

ፌብሩዋሪ 28 ቀን 1976 ምሽት ኦልድ ቪክ ላይ አንድ ዝግጅት ነበር። የአገሪቱ ብሔራዊ ቴአትር ቡድን እዚያ ሲሠራ ቆይቶ ወደ አዲሱ ሕንጻው ሊሄድ ነው፤ መሰናበቻው ነው። ዝግጅቱ ስለ ሊሊያን ቤይሊስ ነበር። ቤይሊስን የምትጫወተው ፔጊ አሽክሮፍት ናት፤ በ1930 ከሮብሰን ጋር ዴዝዴሞናን የተጫወተችው። ሲቢል መጣች። 93 ዓመቷ ነው፣ የምትሄደው በተሽከርካሪ ወንበር ነው። ለመሞት አራት ወር እንኳ አልቀራትም። መድረኩ ያ የሊርን ቀልደኛ የሆነችበት፣ ቦምብ እየወደቀ የቆመችበት ነው። እሷ በዚያ ምሽት ታች ነበረች፣ ከተመልካቹ ጋር። ያቺ የጋሪ ነጋዴ ተቀምጣ ያለቀሰችበት አዳራሽ ውስጥ ተቀምጣ ወደ መድረኩ ታይ ነበር።